በጾም የሠራሁት በገና

ከሁለት ዓመት በፊት በዐቢይ ጾም አንድ ውሸት ሠራሁ። "ዋሸሁ" አላልኩም፤ "ሠራሁ" ነው ያልኩት። ሦስት ሳምንት ፈጅቶብኛል፤ ሁለት ሌሊት መብራት ሄዶ አቋርጦኛል፤ ሲያልቅም ብር ተከፍሎኝበታል። የሠራሁት በገና ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከሥራ መልስ ማታ ማታ ቤቴ ውስጥ ሙዚቃ አቀናብራለሁ። "ስቱዲዮ" ብላችሁ ብትጠሩት አልቃወምም፤ ባለቤቴ ግን "ያ ጥግ" ነው የምትለው። ያ ጥግ አንድ ላፕቶፕ፣ አንድ ባለ 49 ቁልፍ ኪቦርድ፣ አንድ ማይክ፣ እንዲሁም ማይኩን ከጎረቤት አውራ ዶሮ የሚከላከል አንድ ብርድ ልብስ አለው። አንድ ቀን አራት ወጣት ዘማሪዎች መጡ። ጥሩ ድምፅ፣ ጥሩ ግጥም፣ ትንሽ ብር።

"በገና እንዲኖርበት እንፈልጋለን" አሉኝ።

"ደርዳሪ አላችሁ?"

ተያዩ። ትልቃቸው ጉሮሮውን ጠረገና "እሱን እንኳ ከአንተ ነበር የጠበቅነው ወንድሜ። ኮምፒውተሩ ውስጥ የለም እንዴ?" አለኝ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። "የኦርቶዶክስ መዝሙር በኪቦርድ አይታጀብም" የሚለውን ክርክር የማያውቅ የለም። ልጆቹም ኪቦርድ አይፈልጉም፤ በጭራሽ። የሚፈልጉት በገና ነው። በገናው ግን ከኪቦርድ እንዲወጣላቸው ነው የሚፈልጉት። የዚህን ነገር አስቂኝነት እኔ ራሴ ያየሁት ቀብዱን ኪሴ ከከተትኩ በኋላ ነው።

መጀመሪያ ያደረግሁት ሁላችንም የምናደርገውን ነው፤ ፍላሽ ፍለጋ። ከእጅ ወደ እጅ የሚዞሩ የክራር፣ የማሲንቆና የዋሽንት ሳምፕሎች አሉ። በገናም ተገኘ። ችግሩ አንዱን አውታር አንድ ጊዜ ቀድተው ኪቦርዱ ላይ ከዳር እስከ ዳር ዘርግተውታል። የተቀዳ ድምፅ ቀጥነቱ ሲጨመር ፍጥነቱም አብሮ ይጨምራል፤ ሲወፍርም ይጓተታል። ስለዚህ ያ በገና ወደ ላይ ስትወጡ ንብ ይሆናል፤ ወደ ታች ስትወርዱ ጄኔሬተር። በዚህ መዝሙር አይታጀብም።

ያኔ ነው ከጓደኛዬ የሰማሁትን ሰርጅ የሚባል ፕለጊን የጫንኩት። ፕለጊን ማለት፣ ለማያውቀው አንባቢ፣ በመቅጃው ሶፍትዌር ውስጥ የሚሰካ የሶፍትዌር መሣሪያ ነው። ሰርጅ ደግሞ ሲንተሳይዘር ነው፤ የተቀዳ ድምፅ የሚያጫውት ሳይሆን ድምፁን ከቁጥር የሚያመነጭ። ክሌስ ዮሃንሰን የተባለ ባለሙያ ቬምበር ኦዲዮ በሚል ስም ይሸጠው ነበር። በ2018 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው) ምንጭ ኮዱን ለሕዝብ ለቀቀውና በጎ ፈቃደኞች ተረከቡት። በ2022 ሰርጅ ኤክስቲ ሆኖ ወጣ። በነጻ ነው። ክራክ አይፈልግም፤ የውጭ ምንዛሪ ካርድ አይፈልግም፤ ከክራኩ ጋር አብሮ የሚመጣ ቫይረስም የለውም። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ በተሰረቀ ሶፍትዌር ስሠራ ኖሬ ውሸቴን የሠራሁት ግን በሕጋዊ መሣሪያ መሆኑን ለመዝገብ ያህል ልጥቀስ።

ስትከፍቱት ያስፈራል። ሲን ኤ እና ሲን ቢ የሚባሉ ሁለት ሙሉ መሣሪያዎች ጎን ለጎን አሉ። እያንዳንዱ ሦስት ድምፅ አመንጪ፣ ሁለት ማጣሪያ፣ ከዚያም ድምፁን በጊዜ ውስጥ የሚያንቀሳቅሱ 12 ኤልኤፍኦዎች አሉት። አመንጪዎቹ ደግሞ 12 ዓይነት ናቸው። ከእነሱ አንዱ "ስትሪንግ" ይባላል፤ አውታር ማለት ነው። እኔም "አገኘሁህ!" አልኩ።

ይህ ነገር እንዴት እንደሚሠራ ሳውቅ እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ከወንበሬ ተነስቼ ክፍሉን ዞርኩ። በቁጥር ላሳያችሁ። ኮምፒውተር ድምፅን የሚያስቀምጠው ብዙውን ጊዜ በሰከንድ 44,100 ጊዜ እየለካ ነው። በሰከንድ 100 ጊዜ የሚርገበገብ አውታር ከፈለጋችሁ 44,100ን ለ100 ታካፍላላችሁ፤ 441 ይመጣል። 441 የዘፈቀደ ቁጥሮችን ታሰልፋላችሁ። ይሄ ጣት አውታሩን ሲነካ የሚፈጠረው ትርምስ ነው። ሰልፉን ታጫውቱታላችሁ፤ ሲያልቅ እንደገና ከመጀመሪያው። ነገር ግን በየዙሩ እያንዳንዱን ቁጥር ከጎረቤቱ ጋር ደምራችሁ ለሁለት ታካፍሉታላችሁ። በቃ! ሹል ሹሉ በየዙሩ ይለሰልሳል፤ ትርምሱ ዜማ ይሆናል፤ ዜማው ቀስ እያለ ይሞታል። ከምንም ተነስቶ የተነካ ክር ይሰማል። ኬቨን ካርፕለስና አሌክስ ስትሮንግ የተባሉ ሁለት ሰዎች ናቸው ይህን ዘዴ በ1983 ያሳተሙት። የሰርጅ ስትሪንግ የዚያ ዘመድ ነው፤ በአንድ አመንጪ ውስጥ ሁለት አውታር አለው፤ ሁለቱን በጥቂቱ ማራራቅ፣ የእያንዳንዱን የመሞቻ ጊዜ ማስረዘም ይቻላል።

በመጀመሪያው ሌሊት ደስ የሚል ድምፅ አገኘሁ። በገና ግን አልነበረም። ክራርም ጊታርም ያልሆነ፣ የዋህ የሆነ ነገር ነበር። የበገና ነፍሱ ያለችው ሌላ ቦታ ነው።

በገና ያላችሁ ታውቃላችሁ። አሥሩ አውታሮች ከበግ አንጀት ይሠራሉ፤ ከገበቴው በላይ ባለው በርኩማ ላይ ያርፋሉ። በእያንዳንዱ አውታርና በበርኩማው መካከል እንዝራ የምትባል ቁራጭ ቆዳ ትገባለች። አውታሩ ሲነካ በነጻነት አይርገበገብም፤ በየዙሩ በርኩማውን ዳሰስ፣ ዳሰስ ያደርጋል። ያ ዳሰሳ ነው እዝ የሚለውን ንዝረት የሚፈጥረው። እንዝራዋን ካወጣችኋት በገናው ይደነቁራል። ህንዶችም ታምቡራ የሚሉት መሣሪያቸው ላይ ክር ከአውታሩ ሥር አስገብተው የዚህን ዘመድ ያወጣሉ።

ስለዚህ እንዝራ መሥራት ነበረብኝ። ሰርጅ ውስጥ በሁለቱ ማጣሪያዎች መካከል ዌቭሼፐር የሚባል ክፍል አለ፤ የድምፁን ሞገድ ቅርጹን የሚያጣምም። አውታሩን በእሱ አሳለፍኩት። እዝ አለ! ደስ አለኝ። ግን ለአፍታ ብቻ ነበር፤ አውታሩ እየደከመ ሲሄድ እዝታውም ወዲያው ጠፋ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፦ ዌቭሼፐር የሚያጣምመው ጮክ ያለውን ነው፤ ድምፁ ሲያንስ ሳይነካው ያልፋል። የእውነቱ በገና ግን ተገላቢጦሽ ነው። ጣት ሲነካው ወፍራም ድምፅ ይሰጣል፤ እዝታው ትንሽ ቆይቶ ይከፈታል፤ ከዚያ እስከ መጨረሻው አይለቅም። መፍትሔው፣ አውታሩ እየደከመ ሲሄድ ወደ ዌቭሼፐሩ የሚገባውን ኃይል እየጨመሩ መሄድ ሆነ። ሰርጅ ላይ ይሄ ቀላል ነው፤ ኤልኤፍኦውን ትጫኑታላችሁ፣ ከዚያ የፈለጋችሁትን መቆጣጠሪያ ትስባላችሁ፤ ምን ያህል እንደሚያንቀሳቅሰው እዚያው ይታያል። ኤልኤፍኦውን እንደ ኤንቨሎፕ፣ ቀስ ብሎ የሚነሳ አድርጌ ቀረጽኩት። ሁለተኛውን ማጣሪያ ደግሞ የገበቴውን ሆድ እንዲመስል አጠበብኩት።

በ11ኛው ወይም በ12ኛው ቀን ይመስለኛል፣ ከሌሊቱ ሰባት ሰዓት ላይ በገና ሰማሁ። ባለቤቴ ከመኝታ ክፍል "ማነው እሱ በዚህ ሰዓት?" አለች። ከዚህ የበለጠ ሽልማት አላውቅም።

መዝሙሩ ወጣ። ሰው ወደደው። ልጆቹ ደስ አላቸው፤ ቀሪውን ብር ሰጡኝ። መዝሙሩ ላይ "ግጥምና ዜማ" ብሎ ስም አለ፤ "ቅንብር" ብሎ የእኔ ስም አለ፤ "በገና" ይላል፣ ስም ግን የለውም።

እዚህ ብጨርስ ጥሩ ታሪክ ነበር። ጉራ ግን ዝም አያሰኝም። በሰፈራችን በጡረታ ላይ ያሉ፣ በገና የሚደረድሩ አንድ አዛውንት አሉ፤ ጋሼ ነው የምንላቸው። ስፒከሬን ይዤ ሄድኩ። "እንደምን አመሹ ጋሼ? አንድ ነገር ላሰማዎት ነበር።" አሰማኋቸው። ዓይናቸውን ጨፍነው እስከ መጨረሻው ሰሙ።

"ማነው ደርዳሪው?"

"ኮምፒውተር ነው፤ እኔ ነኝ የሠራሁት።"

ዝም አሉ። "እስቲ ድገመው።" ደገምኩት።

"አውታሩ ደህና ነው" አሉ። "እንዝራው ግን አንድ ነው።"

"አንድ ነው ማለት?"

ከግድግዳው ላይ በገናቸውን አወረዱና በጥፍራቸው አንዷን እንዝራ ገፋ አደረጓት። አውታሩን ሲነኩት ደነቆረ። መልሰው በጣም በትንሹ ሳቧት፤ ተናገረ። ወደ ቀጣዩ ሄዱ። እሱ ሻካራ ነው። ሦስተኛው ዘግይቶ ነው የሚጀምረው። "ሁሉም የየራሱ ጠባይ አለው" አሉኝ። "ይሄኛው ዛሬ ብርድ ነክቶታል፣ ነገ ደግሞ ይለወጣል። ያንተው ግን አሥሩም የአንድ እናት ልጆች ናቸው፤ ለዚያውም መንታ።" አውታሩ አንጀት ነውና እርጥበትና ፀሐይ ይሰማዋል። ለካ መቃኘት ብለን የምናልፈው ነገር አውታር ማጥበቅና ማላላት ብቻ አይደለም፤ አሥር እንዝራ ማስማማትም አለበት። ሦስት ሳምንት አንዲት እንዝራ ስጠርብ ቆይቼ ዘጠኙን ረስቻለሁ ማለት ነው።

ከዚያ ቅኝቱ መጣ። የጋሼን በገና አውታር በአውታር በስልኬ ቀዳሁትና ቤቴ ገብቼ ለካሁት። ፒያኖ አንዱን ኦክታቭ 12 ቦታ እኩል ይቆርጠዋል፤ እያንዳንዱ ቁራጭ 100 ሴንት ነው። የጋሼ አውታሮች ግን በሁለት የፒያኖ ቁልፎች መካከል ተደላድለው የሚቀመጡባቸው ቦታዎች ነበሩ። ተሳስተው አይደለም፤ ደጋግመው ቢቃኙትም እዚያው ይመለሳሉ። የሚቃኙት በጆሯቸውና በጉሮሯቸው እንጂ በፒያኖ አይደለም። እኔ ደግሞ መዝሙሩን በሙሉ በፒያኖ ቅኝት ሠርቼ፣ ዘማሪዎቹ አንድ ቦታ ላይ "ትንሽ ወርደዋል" ብዬ በሶፍትዌር ቀጥ አድርጌያቸው ነበር! አልወረዱም ነበር። የወረድኩት እኔ ነኝ።

ሰርጅን እዚህ ላይ ማመስገን አለብኝ። ስካላ የሚባል የቅኝት ፋይል ይቀበላል። ተራ ጽሑፍ ነው፤ በኖትፓድ የሚጻፍ። ስንት ድምፅ እንዳለና እያንዳንዱ ስንት ሴንት ላይ እንደሆነ ትጽፋላችሁ፣ ፕለጊኑ ላይ ትጥሉታላችሁ፣ ኪቦርዱ በሙሉ ወደዚያ ቅኝት ይዞራል። በገበያ ላይ ብዙ ብር የሚጠየቅባቸው መሣሪያዎች ሁሉ ይህን አይፈቅዱም። የጋሼን ቅኝት ጻፍኩት። ከዚያ እንዝራዎቹን ለያየኋቸው፦ ሰርጅ የተነካው ቁልፍ የትኛው እንደሆነ የሚያውቅ አንድ ምንጭ አለው፣ በየንክኪው ዕጣ የሚያወጣ ራንደም የሚባል ሌላ ምንጭ አለው። የእዝታውን መጀመሪያ ሰዓትና ብርታት ከሁለቱ ጋር አሰርኩት። አሁን ሁለት ንክኪ አንድ ዓይነት አይወጣም።

መልሼ ጋሼ ዘንድ ሄድኩ። ሰሙና "ይሄ ይሻላል" አሉኝ። ከዚያ ያልጠበቅሁትን ጠየቁኝ።

"ያኛው መዝሙር ላይ ማን ደረደረ ብለው ጻፉ?"

"'በገና' ብቻ ነው የሚለው።"

"እህ" አሉ። ሻይ ቀዱልኝ።

ያቺ "እህ" ናት ይህን ጽሑፍ ያስጻፈችኝ።

እኛ ኪቦርድን መውቀስ እንወዳለን። "ነሐሱን ገደለው፣ ከበሮውን ገደለው፣ ባንዱን ገደለው" እንላለን። ከ1980ዎቹ ጀምሮ አንድ ኪቦርድ ተጫዋች የስድስት ሰው ደሞዝ እንዳዳነ እውነት ነው። ግን መሣሪያው ብቻውን ምን አደረገ? ያማሃ ዲኤክስ 7 የሚባለው ኪቦርድ በ1983 ሲወጣ በስድስት ኦፕሬተርና በ32 አሰላለፍ ስፍር ቁጥር የሌለው ድምፅ የሚያወጣ መሣሪያ ነበር። ነገር ግን በትንሽ ስክሪንና በቁልፍ ጠቅጠቅ ስለሚሠራ ዓለም ሁሉ ሰነፈና አብረውት የመጡትን ድምፆች ብቻ ተጫወተ። የዚያ ዘመን ዘፈን በየአገሩ አንድ ዓይነት የሚሸተው ለዚህ ነው። ድምፁን ያደኸየው ማሽኑ ሳይሆን ተዘጋጅቶ የመጣው መብቃቱ ነው። እኛ ዘንድም "ማሲንቆ" የሚል ጽሑፍ ያለበትን ቁልፍ ተጭነን ማሲንቆ ተጫወትን አልን። ጆሯችንን አልጠየቅነውም።

በሌላ በኩል ኃይሉ መርጊያን አስቡ። በ1985 አሜሪካ ሆኖ አኮርዲዮኑን ይዞ፣ ሲንተሳይዘርና ኤሌክትሪክ ፒያኖ፣ የከበሮ ማሽንም ጨምሮ ብቻውን አንድ ካሴት ሠራ። በ2013 እንደገና ታትሞ ዓለም ሰማው። እዚያ ካሴት ላይ ሲንተሳይዘሩ ሲንተሳይዘር ነው። ክራር ነኝ አይልም፤ ዋሽንት ነኝ አይልም። ትዝታችንን በራሱ አፍ ይናገራል። ሲንተሳይዘር ማንንም አልገደለም የምለው ይሄን ስሰማ ነው። የሚገድለው የሌላ ሰው ስም ይዞ ሲመጣ ነው።

እኔ ያደረግሁት ግን ያንን ነው። የጋሼን ሥራ ቀምቼ ስማቸውን ባዶ ቦታ አደረግሁት። "ማንም አልለየውም" ብዬ ተጽናናሁ። ማንም ካልለየውማ በሚቀጥለው ጾም ማን ደርዳሪ ይጠራል? ከዚያስ በኋላ ለእኔ ዓይነቱ "እንዝራው አንድ ነው" የሚለው ማን ይቀራል?

ባለፈው ዓመት ልጆቹ ሁለተኛ መዝሙር ይዘው መጡ። ሁሉንም ነገርኳቸው። "ማን ያውቃል ብለህ ነው?" አለኝ ትልቃቸው። ክርክሩ ረዘመ፤ መጨረሻ ላይ ከእኔ ክፍያ ላይ ግማሹን ቀንሰን ጋሼን ጠራን። ጋሼ ያ ጥግ ላይ ብርድ ልብሱ ሥር ተቀምጠው ሃያ ደቂቃ ቃኙ፤ አውራ ዶሮው ሁለት ጊዜ አቋረጠን። ሰርጅንም አልተውኩትም። የጋሼን ቅኝት ፋይል ጭኜበት ከበታች የሚሄድ፣ ምንንም የማይመስል፣ ስም የሌለው ዝቅ ያለ ድምፅ ሠራሁበት። መዝሙሩ ላይ ሲጻፍ በገና ከጋሼ ስም ጋር፣ ሲንተሳይዘር ከእኔ ስም ጋር ሆነ። "ሲንተሳይዘር" የሚለውን ልጆቹ በጣም ፈርተውት ነበር። እስካሁን የጠየቃቸው የለም።

የመጀመሪያውንም እንዲያርሙት ለመንኳቸው። "በገና" የሚለውን አንስተው "ኪቦርድ" ቢሉ ምን እንደሚከተል ያውቃሉና እምቢ አሉ። አልፈርድባቸውም፤ ብሩን የበላሁት እኔ ነኝ።

ሰርጅን ግን አውርዱት። በነጻ ነው። አብረውት የመጡትን ድምፆች አንድ ቀን ስሟቸውና ከዚያ ባዶ አድርጋችሁ አንድ አውታር ሥሩ። አንድን መሣሪያ መስሎ የሚቀርብ ድምፅ ለመሥራት ስትሞክሩ ያን መሣሪያ በሕይወታችሁ ለመጀመሪያ ጊዜ ትሰሙታላችሁ። እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ በየጾሙ በገና ስሰማ ያደግሁ ሰው እንዝራ የምትባል ነገር መኖሯን ያወቅሁት በዌቭሼፐር ነው።

ዘንድሮ በጾሙ ታክሲ ውስጥ ሹፌሩ ያንን የመጀመሪያውን መዝሙር ከፈተው። አጠገቤ የተቀመጡ እናት ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሳብ አድርገው ዓይናቸውን ጨፈኑ። እኔ አውታሮቹን እቆጥር ጀመር፤ መንታ፣ መንታ፣ መንታ። "ይሄ በገና ልብ ይነካል" አሉኝ ዓይናቸውን ሳይገልጡ። ልነግራቸው አፌን ከፈትኩ።

"ወራጅ አለ" አልኩ።

ቸር ያሰማን።